ሱካ ብላኝ ዞር አልኩ

ትሮይቪል፣ ጋሼ ዱካሞ ሱቅ ውስጥ ሰልባጅ ልብስ እሸጣለሁ። ላራስ ደንበኛችን ናት፤ ከጃካርታ መጥታ እዚህ ጆሃንስበርግ ትማራለች። እናቴ ብታየው የምታፍርበትን ኮት ለብሳ መስታወት ፊት ፎቶ ትነሳለች። በእሷ እኩዮች ዘንድ የሚያሳፍረው አዲስ ልብስ ነው አሉ።

«አሁን ደግሞ ጃካርታ ሁሉም ይሮጣል» አለችኝ አንድ ቀን። «እዚህ ያለን የአገሬ ልጆችም ጀምረናል። አንተ ኢትዮጵያዊ አይደለህ? ቅዳሜ አብረኸን ሩጥ።»

እኔ ሁለተኛ ፎቅ ስወጣ አረፍ እላለሁ። ግን ሴት ፊት ሳልንተባተብ የምለው ቃል አንድ ብቻ ነው።

«እሺ» አልኳት።

ብርቱካናማ የሩጫ ጫማ ገዛሁ። ሐሙስ ዕለት ደግሞ በእንግሊዝኛ የጻፍኩትን ባለ አራት ስንኝ ግጥም በስልክ ላክሁላት። አሥራ አንድ ቀን ፈጅቶብኛል። ፍቅር የሚል ቃል የለበትም፤ ሌላም ነገር የለበትም።

መልሷ አንድ ቃል ነበር፦ «ሱካ»።

ዙሉ ከደንበኞች ስማር ሦስት ዓመቴ ነው፤ ሱካን የተማርኩት በመጀመሪያው ሳምንት ነው። «ዞር በል» ማለት ነው። ለጋሼ ዱካሞ አሳየሁት።

«ምን ብለሃት ነው?»

«ግጥም ልኬላት።»

«ታዲያ ልጅቷ ምን አጠፋች?»

ቅዳሜ ከሩጫው ቀረሁ። ቤት ቁጭ ብዬ የሐዘን ግጥም ጻፍኩ። ከመጀመሪያው ስለበለጠ ትንሽ ደስ አለኝ።

ሰኞ ላራስ ስትገባ ከተሰቀሉት ኮቶች ኋላ ተደበቅሁ።

«ዮአብ» አለ ጋሼ ዱካሞ፣ «ጫማህ ይታያል።»

ወጣሁ።

«ለምን ቀረህ?» አለችኝ።

«ሱካ አልሽኝ። ዞር አልኩ።»

ግራ ገብቷት አየችኝ። የዙሉውን ትርጉም ስነግራት አፏን በእጇ ያዘች። በአገሯ በኢንዶኔዥያ ቋንቋ ሱካ «ወድጄዋለሁ» ማለት ነው። ጋሼ ዱካሞ ሳቁን ለመጨረስ ወደ ውጭ ወጣ።

ያኔ በሕይወቴ ረጅሙን ጥያቄ ጠየቅሁ። «ግጥሙን ነው ወይስ... የጻፈውን ሰው?»

ላራስ ጫማዬን ረጅም ጊዜ አየች።

«ግጥሙን» አለች። «ስለ ሰውየው ቅዳሜ እነግረዋለሁ። ግን ይህን ጫማ አታድርግ። ሩጫ አልፎበታል፤ አሁን ሁሉም ፓድል ነው።»

ፓድል የሚሮጡበት ይሁን የሚዋኙበት አላውቅም።

«እሺ» አልኳት።