ፊቢ ያላለችው

«ግንባራቸውን ዳሰስ አድርጉት» አለች ጎረቤቲቱ ወይዘሮ ክሮፍት የሐዘን ቤቱ በር ላይ ቆማ። «ሬሳ ያልነካ ሰው በሕልሙ ይመላለስበታል።»

የወህኒ ቤቱ ዘበኛ ባርኔጣውን ብብቱ ውስጥ ሸጉጦ ገባ። የሞት ፍርደኞችን ክፍል ቁልፍ ለአሥራ ዘጠኝ ዓመት የያዘ ግዙፍ ሰው ነው። በወህኒ ቤቱ ቄስ በአምብሮዝ ቴርክል ደረት ላይ እንደ አገሩ ልማድ የተቀመጠችውን የጨው ሳህን እንዳይገፋ ተጠንቅቆ ሁለት ጣቶቹን የሟቹ ግንባር ላይ አሳረፈ፤ ከዚያ ወደ ሟቹ ሴት ልጅ ዞረ።

«እግዚአብሔር ያጥናሽ፣ ታቢታ። እኔ ፍርደኞቹን እስከ በር ነበር የምሸኛቸው። እሳቸው ግን መስቀያው ድረስ ሄደው ጋሪው ላይ አብረዋቸው ይወጡ ነበር።»

«ኑርልኝ» አለችው።

ታቢታ ከሬሳ ሳጥኑ ራስጌ ተቀምጣለች። ሠላሳ አንድ ዓመቷ ነው፤ አላገባችም። እናቷ ከሞተች ወዲህ ቤቱም፣ አባቷም፣ የአባቷ ሥራም በእሷ እጅ ነበሩ። የሐዘኑ ሁለተኛ ቀን ነው፤ ቀብሩ ነገ ከሰዓት በኋላ ይሆናል። ጓዳ ውስጥ ሴቶቹ በቅመም የሞቀ ቢራ እየቀዱ ይንሾካሾካሉ።

«ለመሆኑ ስንቱን ሸኝተው ይሆን?»

«ስልሳ አያንስም። ሰባም ይሆናል።»

«እኔስ የዚያን የበግ ሌባ ኑዛዜ ያነበብኩ ለታ እንቅልፍ በዓይኔ አልዞረም። ድንጋይ እንኳ ያናዝዙ ነበር እኮ።»

በዚያ ከተማ ሰው በተሰቀለ ቁጥር ኑዛዜው ታትሞ እዚያው መስቀያው ሥር ይሸጣል። ገመዱ ገና ሳይጠልቅ ሻጮቹ ይጮኻሉ። እናት ለልጇ፣ ጌታ ለአሽከሩ ያነበዋል። የሁሉም አካሄድ አንድ ነው፤ መጀመሪያ ሰንበት መሻር፣ ቀጥሎ ክፉ ጓደኛ፣ ቀጥሎ ትንሽ ስርቆት፣ መጨረሻው ገመድ። ከላይ የቄስ ቴርክል ስም አለበት፤ ስሙ ካለ ደግሞ እውነት ነው።

ወደ ማታ ላይ አሳታሚው ሩበን ፔል ጥቁር ጓንቱን አጥልቆ መጣ። ጥቂት ቆየና ጎንበስ ብሎ በጆሮዋ አንሾካሾከ።

«ጊዜው እንዳልሆነ አውቃለሁ። ግን ያ ፈረስ ሌባ የፊታችን ሰኞ ነው የሚሰቀለው፤ በአባትሽ ቦታ የተሾመ ቄስ ደግሞ እስካሁን የለም። አንቺ መቼም ታውቂበታለሽ።»

«ምኑን?»

«ተይ እንጂ ታቢታ። እኔና አንቺ እንኳ እንተዋወቃለን።»

ፔል ሲወጣ የሟቹን ግንባር መንካት ረሳ፤ ወይዘሮ ክሮፍት ከበር መለሰችው።

ይተዋወቃሉ። የአባቷ ዓይን መደንገዝ የጀመረው እሷ አሥራ ሰባት ዓመት ሲሞላት ነው። መጀመሪያ ፊደሉ ጠፋው፤ ከዚያ የሰው ፊት። ለሹማምንቱ ቢናገር ከሥራው ይወጣል። ስለዚህ ፍርደኞቹን አነጋግሮ ይመለስና ወንበሩ ላይ ቁጭ ብሎ የሰማውን ይነግራታል፤ እሷ ትጽፈዋለች፤ መልሳ ታነብለታለች። የምትጽፈው እሷ እንደሆነች ከሁለቱና ከፔል በቀር ያወቀ አልነበረም። አባቷ የሚያስገርም ሰው ነበር። የተሰቀለ ሰው ባየ ቁጥር ሁለት ቀን እህል አይቀምስም። ሌሎች ቄሶች ከጋሪው ሥር ቆመው ሲጸልዩ እሱ እየዳበሰ ይወጣና ገመዱ እስኪጠብቅ ድረስ የፍርደኛውን እጅ አይለቅም።

በማግስቱ፣ ሰው ለቀብሩ መሰብሰብ ሲጀምር፣ አንዲት አሮጊት ብቻዋን ገባች። ቀሚሷ እስከ ጉልበቷ ጭቃ ነው። ቢራ ሰጧት፣ እንቢ አለች። ተቀመጪ አሏት፣ እንቢ አለች። ወደ ሬሳውም አልቀረበችም።

«ቄሱ አረፉ ሲሉ ሰማሁ» አለች ለታቢታ። «በሕይወት ሳሉ መምጣት ነበረብኝ፤ ፈራሁ። የፊቢ ሃርከር እናት ነኝ።»

ፊቢ ከተሰቀለች አሥራ አንድ ዓመት ቢያልፍም ያንን ስም ያልሰማ አልነበረም።

አሮጊቷ የልጇ ኑዛዜ የታተመበትን፣ እጥፋቱ ላይ የተበሳሳ ወረቀት ከደረቷ አወጣች። «እኔ ማንበብ አልችልም፣ እመቤቴ። ሌሎቹ ያነቡልኛል። ሳልጠይቃቸውም ያነቡልኛል። ‹ጸሎት ያላስተማረችኝ፣ የሰው የበግ ጠጉር ከአጥር ላይ ልቀሚ ብላ የላከችኝ እናቴ ናት፤ የጥፋቴ በር እናቴ ናት› ይላል አሉ። ይላል?»

«ይላል።»

«ቤተ ክርስቲያን ስገባ ካጠገቤ የሚቀመጥ የለም። ግዴለም፣ ለምጄዋለሁ። እኔ የመጣሁት አንድ ነገር ልጠይቅዎት ነው። ሁልጊዜ ከቄሱ ጋር ነበሩ ይባላል፤ ይሰማሉ። ልጄ ጠልታኝ ነው የሞተችው?»

«እናቴ፣ ቀባሪዎቹ እየመጡ ነው» አለች ወይዘሮ ክሮፍት የአሮጊቷን ክንድ ይዛ። «ሌላ ቀን ይነጋገሩታል።»

ታቢታ ዝም ብትል ነገሩ ከአባቷ ጋር አፈር ይገባ ነበር። ሁሉም ቃሉን የእሱ አድርገው ተቀብለዋል፤ እሱ ደግሞ አይናገርም።

ፊቢ የገበሬ ቤት ገረድ ነበረች፣ አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ። ጎተራ ውስጥ ብቻዋን ወለደች፤ ሕፃኑን ግርግም ሥር ቀብራው አገኙት። ሳታገባ ደብቃ የወለደች ሴት፣ ልጁ ሞቶ መወለዱን የሚመሰክርላት ከሌለ፣ ሕጉ ገዳይ ነሽ ይላታል። የታቢታ አባት ዘጠኝ ቀን ተመላለሰባት። ዘጠኙንም ቀን አንድ ቃል ብቻ ነገረችው፤ «ሞቶ ነው የተወለደው።»

«ያለችውን ጻፊ» አለ አባቷ በዘጠነኛው ቀን፣ በትሩን ግድግዳ ላይ አስደግፎ። «ሌላ የለም። ካልተናዘዘች ግን ቁርባን ልሰጣት አልችልም፣ ልጄ። እንዲሁ ልትሄድ ነው።» ምሳውን ሳይነካ ተነሳ።

ከሰዓት በኋላ ፔል መጣ። ወረቀቱን አየና ሳቀ። «ይህ ምኑ ኑዛዜ ነው? ዳኛውን ውሸታም ልታሰኚው ነው? ሁለት ገጽ ስጪኝ፣ እስከ አሥራ አንድ ሰዓት።»

ታቢታ ተቀመጠች። ሃያ ዓመቷ ነበር። ቃሉ እንደ ውሃ ወረደላት። ሰንበቱን ጻፈች፣ ጓደኛውን ጻፈች፣ ፊቢ ሕፃኑን በገዛ እጇ ማነቋን ጻፈች። ስለ እናቲቱ የጻፈችውን ዓረፍተ ነገር ሁለት ጊዜ ለራሷ አነበበችው፤ አምሮባት ነበር። ለአባቷ ስታነብለት ቀና አለ።

«ይህን ብላለች?»

«ሾርባ ይዤላት የገባሁ ጊዜ ለእኔ ነገረችኝ።»

አባቷ ከወንበሩ ወርዶ ተንበረከከ፤ እየተንሰቀሰቀ አመሰገነ። በማግስቱ ፊቢን አቆረባት። ከዚያ በኋላ ሦስት ሰንበት ስለ ክፉ እናቶች ሰበከ። ታቢታ የዋሸችው ልጅቱ እንድትቆርብ ነው ወይስ ጽሕፈቷ እንዲያምርላት? ይህን ጥያቄ አሥራ አንድ ዓመት ስታገላብጠው ኖራለች።

«አባቴ አይደለም የጻፈው» አለች አሁን፣ ጓዳ ያሉትም እንዲሰሙ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ። «እኔ ነኝ። ፊቢ ይህን አላለችም።»

«የቱን?» አለች አሮጊቷ።

«አንዱንም።»

አሮጊቷ ወንበር ፈልጋ ተቀመጠች።

«ምን አለች ታዲያ?»

«ሞቶ ነው የተወለደው አለች። ሌላ ቃል አልወጣትም። ጋሪው ላይ ቆማ ግን አባቴን ጠየቀችው። ‹እናቴ መጥታለች?› አለችው።»

«ወንዙ ሞልቶ ነበር» አለች አሮጊቷ። «ድልድዩን ወስዶት። ሁለት ቀን ዳር ላይ ቆሜያለሁ።» ከንፈሯን በመዳፏ ያዘች። «ምን አሏት?»

«መጥታለች አላት። ‹ከኋላ ቆማለች፣ ሕዝቡ ጋርዶብሽ ነው› አላት። እሱ ዓይኑ ምንም አያይም ነበር።»

ከሴቶቹ አንዷ ማልቀስ ጀመረች። አሮጊቷ አላለቀሰችም። ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋችው።

«ጻፊው» አለች። እርስዎ ማለቱን ትታዋለች። «ያንን የጻፍሽው አንቺ ነሽ፤ ይህንንም አንቺው ጻፊልኝ። ሰንበት በቤተ ክርስቲያን የሚነበብ።»

የደብሩ ጸሐፊ በሩ ላይ ብቅ አለ። «ተሸካሚዎቹ ቆመዋል፣ ታቢታ። የደብሩ ቄስም መቃብሩ ላይ ነው።»

«ይጠብቁ።»

«አንቺ ልጅ» አለች ወይዘሮ ክሮፍት ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «አባትሽ ሳይቀበሩ ስማቸውን ልትቀብሪው ነው?»

«የማጠፋው የራሴን ስም ነው።»

በአባቷ ብዕር ጻፈች። በዚህ ጊዜ ቃሉ አልወረደላትም፤ እያንዳንዱን ጎትታ አወጣችው። ግማሽ ገጽ እንኳ አልሞላም። ቆማ ለቤቱ ሁሉ አነበበችው፤ ከሥሩ ሙሉ ስሟን ፈረመች፤ ጸሐፊው እያንገራገረ በምስክርነት ፈረመ። አሮጊቷ ቀለሙ እስኪደርቅ ጠበቀችና አጥፋ ደረቷ ውስጥ ከተተችው።

«ይቅር ብዬሻለሁ እንድልሽ ነው የምታይኝ?»

«አይደለም።»

«ደግ» ብላ ወጣች። ከመምሸቱ በፊት የምትወጣው ዳገት አለባት።

ወደ መቃብሩ ሲሄዱ ሰዉ ከታቢታ አንድ ሁለት እርምጃ ራቅ ብሎ ተከተለ። ከበስተኋላዋ ፔል ለሆነ ሰው «ሐዘን አእምሮዋን ነክቶት ነው» ሲል ሰማችው፤ አልዞረችም። ሳጥኑ ወረደ፤ ቄሱ ጸሎቱን አደረሰ። ቀድሞ አፈር መመለስ የልጅ ነው። ጎንበስ ብላ እርጥቡን አፈር አፈሰች፤ እጇንም በጉድጓዱ ላይ ዘረጋች።

ቄሱ ጠበቃት። ሰዉም ጠበቃት። ለቤቱ ሁሉ የተናዘዘችውን ለእሱ ሳትነግረው ነበር የሸኘችው፤ ጣቶቿ አልፈታ አሏት። በመጨረሻ ጭብጧን በሌላ እጇ ሸፍና ወደ ደረቷ መለሰችው፤ ተሸካሚዎቹም አካፋቸውን አነሡ።