ለቅሶ ቤቱ የጎደለው

በማኒላ ፊልሞች ውስጥ ሶሌዳድ ያላሰናዳችው ቤት የለም፤ ሳሎን በሉት፣ ኩሽና በሉት፣ እስር ቤት ሳይቀር። የዛሬው ቤት፣ የተገደለ ሾፌር አስከሬን ያረፈበት ለቅሶ ቤት ነው።

ገዳዩን ሆኖ የሚተውነው ክሪሳንቶ፣ አዛኝ መስሎ ይገባና ረጅም ንግግር እያደረገ ይንዘፈዘፋል። ደጋግመው ቀረጹት፤ አላምር አለ።

«እትዬ ሶሌዳድ፣ ምን ይሻላል?» አላት ዳይሬክተሩ።

«ንግግሩን ጣለው። ጠዋት ድምፅ ትረብሻለች ብለህ ያስወጣህብኝን ጫጩት መልስልኝ!»

ጫጩቷን በሬሳ ሣጥኑ የመስታወት ክዳን ላይ አስቀምጣ ሩዝ በተነችላት። በአገሩ ልማድ በሰው እጅ ለሞተ እንዲህ ይደረጋል፤ ጫጩቷ በለቀመች ቁጥር የገዳዩን ህሊና ትወጋለች ይባላል።

ቀረጻው ተጀመረ። ክሪሳንቶ ወደ ሣጥኑ ቀረበ። ቤቱ ጭጭ ብሏል፤ የሚሰማው መስታወቱን የሚመታው መንቁሯ ብቻ ነው። ላብ አጠመቀው። ወደ ኋላ አፈገፈገ።

«በቃ! ይኸው ነው!» ብሎ ጮኸ ዳይሬክተሩ።

ክሪሳንቶ ግን ግድግዳውን እንደተደገፈ ቀረ።

«እትዬ ሶሌዳድ፣ በናትሽ ጫጩቷን አንሺልኝ! እኔ እኮ ማንንም አልገደልኩም!»