ሦስት ጊዜ የተጠራ ስም

መዝገቡ ላይ የሰፈረው አጭር ነው፦ «ከሳሽ በቀጠሮው ቀን ሦስት ጊዜ ተጠርተው ስላልቀረቡ መዝገቡ ተዘግቷል።»

ከሳሹ በያጅ የሚለው ደግሞ ሌላ ነው፦ «ከጠዋት እስከ ምሳ ሰዓት ከችሎቱ በር ፊት ለፊት አግዳሚው ላይ ነበርኩ። ለሽንት እንኳ አልተነሣሁም!»

ሁለቱም አልዋሹም። ችሎት አስከባሪው በሩ ላይ ብቅ እያለ ስም ሲጠራ በያጁ የሰውየው አፍ ሲከፈት አይቷል። የማን ስም እንደሆነ ግን አልሰማም፤ ለመጠየቅም አፈረ። ሠላሳ ዓመት የብረት ጩኸት ጆሮውን በልቶታል። ይህን ከእሱ ሌላ የምታውቀው ልጁ ብቻ ናት። ደንበኛ ሲመጣ ትእዛዙን የምትቀበለው እሷ ናት፤ እሱ ራሱን እየነቀነቀ ይቆማል።

መዝገቡ እንዲከፈት ለማመልከት የተሰጠው አንድ ወር ዛሬ ያልቃል። ካልተከፈተ ጎረቤቱ የጋራ መተላለፊያቸው ላይ ያቆመው ግንብ እንደቆመ ይቀራል። ባለፈው ሳምንት በያጁ የሠራውን የግቢ በር በጠበበው መንገድ ማውጣት አቅቶት፣ ለሁለት ቆርጦ ካወጣው በኋላ አስፋልት ዳር እንደገና በይዶታል።

አባትና ልጅ ከፍርድ ቤቱ አጥር ሥር ከተቀመጠው ማመልከቻ ጸሐፊ ፊት ቆሙ።

«የቀሩበት ምክንያት ምን ይባል?» አለ ጸሐፊው።

ልጅቱ ወደ አባቷ ጆሮ ጠጋ ብላ ደገመችለት።

«ነበርኩ በይው!» አለ አባትየው።

«አባቴ፣ ነበርኩ ካሉማ ለምን አልገቡም ይባላሉ። ታምሜ ነበር እንበል። የዚህ ከተማ ሰው እንደሆነ የሚታመመው በቀጠሮው ቀን ነው» አለ ጸሐፊው።

«ቃለ መሐላ አለው አይደል?» አለች ልጅቱ።

«አለው። ግን የሚምሉት እሳቸው ናቸው፤ እኔን ምን አስጨነቀኝ?»

እሷ ሳቀች። አባትየው ሲነገረው አልሳቀም። «ብየዳው ሳይዝ ቀለም ቀብቼ ለሰው አስረክቤ አላውቅም። በሐሰት አልምልም።»

«እንግዲያው እውነቱን እንጻፈው፣ አባዬ።»

«ነገ ደንበኛው ሁሉ ደንቆሮው በያጅ ሊለኝ?»

ይህን ሲባባሉ ጎረቤቱ በፍርድ ቤቱ በር ወጣ። አጠገባቸው ሲደርስ «እንደምን አደርክ?» አለ። በያጁ ጀርባውን እንደሰጠ ቀረ።

«አየሽው አባትሽን?» አለ ጎረቤቱ ለልጅቱ፤ ድምፁ ውስጥ ከንዴት ይልቅ ቅሬታ ነበር። «ሰላምታ ከነሣኝ ሁለት ዓመቱ ነው። ግንቡንስ ቢሆን ሳላስፈቅድ ነው የሠራሁት? ደጁ ድረስ ሄጄ፣ እዚህ ጋ ባቆመው ትስማማለህ ወይ ብዬ ብጠይቀው እሺ እንደሚል ሰው ራሱን ነቀነቀ። እሺ ብሎኝ ሲያበቃ ከሰሰኝ!»

ልጅቱ ደነገጠች። ያንን ንቅናቄ ከእሷ በላይ የሚያውቀው የለም። የአባቷን ክንድ ይዛ የተባለውን ቃል በቃል ነገረችው።

በያጁ ዞሮ ጎረቤቱን አየው። ሁለት ዓመት ሙሉ በየማለዳው የሚንቀሳቀሱት ከንፈሮች ለካ ሰላምታ እያቀረቡ ነበር? እሱ የመሰለው ሽሙጥ ነበር።

«ጻፍ!» አለ ወደ ጸሐፊው ተመልሶ። ድምፁን መመጠን ከተወ ቆይቷልና ወረፋ የያዘው ሁሉ ዞረ።

ልጁ እጅጌውን ሳብ አደረገችው። «ቀስ በል አባዬ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ ነው።»

«ይስማ! የማልሰማው እኔ ብቻ ነኝ። ጆሮዬ አይሰማም ብለህ ጻፍ። ስሜ ሲጠራም እዚያው ተቀምጬ አልሰማሁም፤ ስለ ግንቡ ስጠየቅም አልሰማሁም። በዚህኛው እምላለሁ።»