በዴል በር ላይ የቆሙ ሽማግሌዎች

ፍሪስኮ ውስጥ የእኛን ሰፈር የሚገዛው ዴል ይባላል። ንጉሥ አይደለም፣ ጭቃ ሹምም አይደለም፤ የቤት ባለቤቶች ማኅበር፣ ያው ኤችኦኤ የምንለው፣ ሊቀመንበር ነው። ግን ሣርህ ከቁርጭምጭሚት ካለፈ ከእግዜር ቀድሞ የሚያየው እሱ ነው። ውሻውን ይዞ ብቅ ሲል የጋራዥ በር ሁሉ ቁልቁል ይወርዳል።

ይህ ዴል ነው እንግዲህ የጎረቤቴን የአሰለፈችን ጌሾ ይነቀል ያለው። ችግኙን ከሜስኪት ከተማ፣ ከአበልጇ ግቢ፣ እንደ ሕፃን አቅፋ አምጥታ ነው ደጇ ላይ የተከለችው። ማኅበሩ ከፈቀዳቸው ተክሎች ውስጥ ስለሌለ እስከ ቅዳሜ ይጥፋ ተባለ። የልጇ የናኦሚ ሠርግ ደግሞ መስከረም ላይ ነው፤ ጠጁ በዚያ ጌሾ ሊጣል ታስቧል። የሱቁን ብትገዢስ ስላት የሰደብኳት ያህል አየችኝ።

"የሱቅ ጌሾ ማገዶ ነው፣ አንተ ሞላልኝ" አለችኝ። "ይልቅ ጋሽ በየነን ጥራልኝ።"

ጋሽ በየነ ኤርፖርት ዊልቸር የሚገፉ ሰው ናቸው፤ አያታቸው ጭቃ ሹም ስለነበሩ ግን አበሻ ሲጣላ የሚጠራው እሳቸውን ነው። ነገሩን ሰሙና በሽምግልና እንሄዳለን አሉ። እሳቸው፣ ነርሱ ማቲዎስና እኔ፣ ሦስት ሆንን። እንግሊዝኛ አያንሳቸውም፤ የሽምግልና ቃል ግን በአማርኛ ነው የሚያምረው ብለው እኔን አስተርጓሚ አደረጉኝ። ስህተታቸው ይቺ ናት።

ሐምሌ ነበር፤ ሙቀቱ የፖስታ ሳጥኖችን ጥላ ፍለጋ ወደ ጋራዥ ያስጠጋበት ቀን። ጋሽ በየነ ጋቢ ደርበው፣ ከዘራ ስለጠፋ የማቲዎስን የጎልፍ ዱላ ተመርኩዘው ዴል በር ላይ ቆሙ። ዴል ወንበር አወጣ። አንቀመጥም አልን። ሚስቱ በረዶ ያለው ሻይ አመጣች። አንጠጣም አልን። ምን እየሸጣችሁ ነው ብሎ ጠየቀኝ።

ሶ፣ አስረዳሁት። በእኛ አገር ሽማግሌ የመጣበትን ጉዳይ እሺ ካላሉት አይቀመጥም አልኩት፤ ይሄ እውነት ነው። ከዚያ አፌ አላርፍ አለ። እኚህ ሰውዬ የአርባ መንደር አለቃ ናቸው፣ አንድ ግትር ሰው በር ላይ ክረምቱን ሙሉ ቆመው፣ ወፍ ባርኔጣቸው ላይ ጎጆ ሠርታ ጫጩቶቿን ካበረረች በኋላ ነው የተቀመጡት አልኩት። ጋሽ በየነ በጎልፍ ዱላው እግሬን ጎሸም አደረጉኝ።

ዴል ግን አልሳቀም። ደረጃውን ወርዶ ፀሐዩ ላይ አጠገባቸው ቆመ። የቅጣት ደብዳቤ ስለሚልክ ሰው ሁሉ እንደሚሸሸው፣ ለገና እንኳ ኩኪስ የሚያመጣለት እንደሌለ አወራ። ከዚያ እርስዎን ሰው እንዴት እሺ ይልዎታል ብሎ ጠየቃቸው።

"ደብዳቤ ላብ አያልበውም" አሉ ጋሽ በየነ። "እኛ ራሳችን ሄደን እንቆማለን። ሰው በሩ ላይ ሽማግሌ ቆሞ እያየ መጨከን ይከብደዋል።"

ይህችን እንኳ ሳልጨምርባት ተረጎምኩ። ጉልበታቸው ሲንቀጠቀጥ አይቼ ነበር።

ዴልም አየ። ኮሚቴውን እሱ እንደሚያናግር፣ ጌሾው ከመስኮት በላይ እስካልረዘመ ድረስ እንደሚቆይ ተናገረና ኦኬ በአማርኛ ምን እንደሚባል ጠየቀኝ። ነገርኩት።

"እሺ" አለ።

ተቀመጥን። የሻዩን ጆግ ማን እንደጨረሰው አልናገርም።

ናኦሚ ተዳረች። ጠጁ እንኳን እኛን፣ የዴልን ውሻም አስጨፈረ።

ከሠርጉ በኋላ አንድ ጠዋት በሬ ተንኳኳ። ስከፍት ዴል ነው፤ የሶፋ ብርድ ልብስ ትከሻው ላይ ጣል አድርጎ፣ ሰፊ የካውቦይ ባርኔጣውን ደፍቶ፣ የራሱን የጎልፍ ዱላ ይዞ። በስተቀኙ ማቲዎስ፣ በስተግራው ጋሽ በየነ። ሦስቱም የሚያዩት ደጄ ላይ ሞተሯ ወጥቶ ዓመት የከረመችውን ቶዮታዬን ነው።

ወንበር አወጣሁ። ማንም አልተቀመጠም።

"ጋሽ በየነ፣ እርስዎም?" አልኳቸው።

"ሰውየው ወፍ ባርኔጣዬ ላይ ጎጆ እስክትሠራ እቆማለሁ እያለ ነው" አሉኝ፣ ጥርሳቸውን ሳያሳዩ። "ማን እንዳስተማረው እንጃ። በል እሺ በለንና እንቀመጥ፣ ጉልበቴ አላስቆም አለኝ።"

ቀና ብዬ ሳይ ከአሰለፈች ጌሾ ላይ አንዲት ወፍ የዴልን ባርኔጣ አተኩራ ታየዋለች።

እሺ አልኩ።