ምስሉን ጨምቂው

«ያንን አሮጌውን ቅጂ አጠፋሽው እንዴ?» አሏት ጋሽ ሸዋንዳኝ፣ የለቅሶው ድንኳን ውስጥ አጠገቧ ፍራሽ ላይ ተቀምጠው። ጡረታ የወጡ አስተማሪ ናቸው። ሲገቡ «ነፍስ ይ...» ብለው ጀምረው፣ ቤቱ የፕሮቴስታንት መሆኑ ትዝ ሲላቸው «እግዚአብሔር ያጽናችሁ» ብለው ነበር የጨረሱት።

«አለ ጋሼ» አለች አቢጋኤል። «ግን ምስሉ አይረባም። ጥርት ያለውን ልጫንልዎት?»

«ጥርት ያለውንማ ልጄ ልኮልኛል። የዝናቡ ጠብታ ሳይቀር ይታያል። ኦይታ ግን የለበትም።»

አቢጋኤል አቀረቀረች። አባቷ ኦይታ፣ ሲቀላ በሚባለው ሰፈር፣ መናኸሪያው አጠገብ ቪዲዮ ቤት ነበረው። የድሮ የካራቴና የተኩስ ፊልም እያሳየ፣ ማይክ ይዞ በአማርኛም በጋሞኛም ይተረጉማል። ጀግናው ሲመታ አብሮ ያቃስታል፤ ፈረስ ሲጋልብ በምላሱ ኮቴውን ያንቋቋል። ቪዲዮ ቤቱ ሲዘጋ ትርጉሙን እቤቱ ተቀምጦ ቀዳው። ፊልም የመጫኛ ሱቅ ያላት አቢጋኤል ደግሞ፣ ካምባ ገጠር ያሉ ሰዎች ርካሽ ስልክ ላይ እንዲገባ ፋይሉን አሳንሳ ጨመቀችው። ፊቶቹ ተሸራርፈው ትንንሽ ካሬ ሆኑ፤ ጭሱ ጭቃ መሰለ።

«አባዬ፣ ይኼ እኮ ያሳፍራል» ብላው ነበር።

«ምስሉን ጨምቂው። ድምፁን ብቻ አትንኪብኝ።»

ዘንድሮ ጥራቱን ሳይገድል ፊልም የሚያሳንስ አዲስ መጭመቂያ አገኘች። ጥርት ካሉት ቅጂዎች ጋር የአባቷን ድምፅ መግጠም ጀምራ ነበር። «ሲያልቅ አብረን እናያለን» እንዳላት የጉበት ሕመሙ ቀድሞ ወሰደው።

ስልኳን አውጥታ አሮጌውን ከፈተችው።

«ወይኔ! አትተኩስ፣ ወንድምህ ነው!» አለ ኦይታ። ለቀስተኛው ሁሉ ዞሮ አያት።

«በለቅሶ ቤት ፊልም?» አለች አክስቷ ምኞት ደንግጣ። «የቤተ ክርስቲያን ሰው ቢሰማስ?»

አቢጋኤል ልትዘጋው ስትል እናቷ ፀዳለ እጇን ያዘቻት። ከቀብሩ ወዲህ ቃል ከአፏ አልወጣም ነበር።

«ተዪው» አለች።

ስክሪኑ ላይ ሁለት ጥላ የመሰሉ ሰዎች ይደባደባሉ፤ የቱ ጀግና፣ የቱ ሽፍታ እንደሆነ አይለይም። ኦይታ ጮኸ፤ ሳቀ፤ ሳለ። ከዚያ ትርጉሙን አቋረጠና፣ ማይኩን ሳያጠፋ፣ «ፀዳለ! ጉሮሮዬ ደረቀ፤ እስቲ ውሃ» አለ።

«አቤት፣ መጣሁ» አለች ፀዳለ፤ ነጠላዋን ሰብስባ፣ መሬቱን በእጇ ተደግፋ ከፍራሹ ተነሳች።