የመራራው ሥር ውሃ

አማቴ ታመው አንደበታቸው ከተዘጋ ወዲህ፣ ከተራራው የሚቆፈረውን መራራ ሥር የሚያበስል ሰው ከቤታችን ጠፋ። ሥሩ መርዝ አለው፤ መርዙ የሚወጣው ውሃው እየተደፋ ምሬቱ እስኪጠፋ ሲቀቀል ነው። ሲሠሩ ሳይ ስለኖርኩ አንድ ቀን ደፍሬ ጣድኩት።

ባሌ ድስቱን ሲያይ ፊቱ ተለዋወጠ።

“ልጆቹን ልትፈጂያቸው ነው? ድፊው።”

“እማማ ሳሉ ካልተማርኩት ሙያው ይጠፋል። ይቅመሱልኝ።”

“እናቴንማ መሞከሪያ አታደርጊያትም።”

እማማ ግን ከአልጋቸው ሆነው እጃቸውን ዘረጉ። ከማንኪያው ጫፍ ቀመሱና ምላሳቸው ላይ አቆዩት። ከዚያ እንትፍ አሉት፤ ወደ ውሃው ባልዲም ጠቆሙኝ።

ውሃውን ለውጬ እንደገና ቀቀልኩት። ዳግመኛ ሲቀምሱ ዋጡት፤ ማንኪያውንም ለልጃቸው አቀበሉት። እሱም እኔን በጎሪጥ እያየ ጎረሰ።