የአባ ኮዳዎቹ መምህር

መምህር ወልደአማኑኤል ዘጠነኛ ክፍል ጂኦግራፊ አስተምረውኛል። ጡረታ ሲወጡ ደግሞ እኔ ተዋናይ አደረግኳቸው። በስልኬ ቀርጬ ዩቲዩብ ላይ በምጭናቸው አጫጭር አስቂኝ ፊልሞች ውስጥ ራሳቸውን ሆነው ይጫወታሉ፤ ስማቸውም ኮታቸውም የራሳቸው ነው። ታሪኩ ብቻ ነው ፈጠራው። በአንዱ ፊልም ሐይቁን "አርፍደሃል" ብለው ይቆጡታል፤ በሌላው ባጃጅ አስቁመው ባጃጇን ራሷን "ወላጅ አምጪ" ይሏታል።

ባለፈው ጥቅምት ሐይቁ ዳር ወዳለው የዓሣ ገበያ፣ ወደ አሞራ ገደል ሄድን። የዓሣ ርዝራዥ የሚጠብቁት ትልልቆቹ ወፎች፣ አባ ኮዳዎቹ፣ ዳር ዳሩን ተኮፍሰው ቆመዋል። በዚህኛው ፊልም መምህር መዝገብ ይዘው የወፎቹን ስም ሊጠሩ፣ ያልመለሰውን ቀሪ ሊሉት ነው። ስሞቹን ራሳቸው እንዲመርጡ ተውኩላቸው።

"አሸናፊ።" ዝም። "ቀሪ።"

ዓሣ የሚበልቱት ሰዎች ሥራቸውን ትተው ይስቃሉ።

"ትንሣኤ። ቀሪ። ናሆም።"

ናሆም ልጃቸው ነው፤ የእኔም የክፍል ጓደኛ ነበር። ከስድስት ዓመት በፊት በመኪና አደጋ ሞቷል።

መምህር እስክሪብቶውን ከመዝገቡ አነሱ። አንዱን ወፍ አተኩረው እያዩ ቆዩ።

"ናሆም፣ ዛሬም አልመጣህም? እናትህ እኮ ምሳ ሳትበላ እየጠበቀችህ ነው።"

ሰው በሳቅ ፈረሰ። እኔ ስልኩን አላወረድኩም። ልቤ የሆነ ነገር ብሎኛል፤ ግን እንዲህ ያለ ትወና ቀርጬ አላውቅም። በማግስቱ ጫንኩት። በሦስት ቀን ውስጥ የቀድሞዎቹ ፊልሞች ተደምረው ያላገኙትን ተመልካች አገኘ።

በአራተኛው ቀን የመምህር ባለቤት እትዬ ብርቅዬ አስጠሩኝ። ደጃፋቸው ላይ ቆመው ነው ያነጋገሩኝ፤ ግባ አላሉኝም።

"ከመቼ ጀምሮ ነው ያወቅኸው?"

"ምኑን፣ እትዬ?"

"መርሳቱን። የልጁን መሞት ይረሳዋል። ስነግረው እንደ አዲስ ያለቅሳል። በሳምንት ሁለቴ፣ ሦስቴ መርዶ አረዳዋለሁ። አሁንስ አቅቶኝ መንገሩን ትቼው ነበር። አንተ ደግሞ ከተማውን ሙሉ አሳቅህበት።"

"ትወና መስሎኝ ነው።"

"አልመሰለህም፣ ኢዮስያስ" አሉ፣ ድምፃቸውን ከፍ ሳያደርጉ።

እውነታቸውን ነበር። ፊልሙን አጠፋሁት። ሌሎች ግን ወስደው በየገጻቸው ጭነውታል። አጥፉልኝ ብዬ ለሁሉም ጻፍኩ፤ የመለሱልኝ ሁለት ብቻ ናቸው።

እትዬ ብርቅዬ ሁለት ወር ሙሉ ቤታቸው አላስደረሱኝም። ከዚያ መምህርን ብቻቸውን መጠበቁ ሲከብዳቸው፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ጠዋት እንዳንሸራሽራቸው ፈቀዱልኝ።

ባለፈው ቅዳሜ አስፋልት ልንሻገር ስንል አንድ ባጃጅ ነጂ አወቃቸው።

"መምህር፣ ናሆም መጣ ወይ?" አለ እየሳቀ።

ፊታቸው በራ። ልጃቸውን የሚያውቅ ሰው ያገኙ መስሏቸዋል።

"እየመጣ ነው። ስለጠየቅኸው እግዜር ይስጥልኝ" አሉት።

ነጂው ይበልጥ ሳቀ። ነጂውን ላርመው ብል መርዶውን እዚያው መንገድ ላይ የማረዳቸው እኔ ልሆን ነው። ክንዳቸውን ይዤ አሻገርኳቸው።